ገጹ እንዳይነጣ

ጋሽ አንጁሎ ማረፋቸውን የሰማሁት በመሥሪያ ቤት ስልክ ነው። ያን ጊዜ ወደ ሐዋሳ ተዛውሬ ነበር። የደወለችው ልጃቸው ዘሪቱ ናት። መርዶ በስልክ አይነገርም ብላ ነው መሰለኝ፣ ከሰላምታው በኋላ «አባባ ሥራ አቁሟል፤ ከቻልሽ ነይ» አለችኝ። ሌላ ነገር አልጠየቅኋትም። እኚያ ሰው ሥራ የሚያቆሙት አንድ ጊዜ ብቻ መሆኑን ሁለታችንም እናውቅ ነበር። በማግስቱ ማለዳ ለአርባ ምንጭ ተሳፈርኩ፤ መንገዱን በሙሉ መስኮቱን ተደግፌ እሳቸውን ሳስብ ሄድኩ።

አርባ ምንጭ መጀመሪያ የገባሁት በሰማንያዎቹ አጋማሽ፣ ትምህርቴን ጨርሼ የመጀመሪያ ሥራዬን ስይዝ ነው። የደብረ ብርሃን ብርድ ያሳደገኝ ልጅ ለዚያ ሙቀት አልተዘጋጀሁም ነበር። ሲቀላ በሚባለው ሰፈር፣ ጓሮው ትልቅ ማንጎ ባለበት ግቢ አንዲት ክፍል ተከራየሁ። ከማንጎው ሥር ዳስ አለ፤ ዳሱ ውስጥ ሁለት የሽመና ጉድጓዶች ጎን ለጎን ተቆፍረዋል። ሸማኔው መሬት ላይ ይቀመጥና እግሮቹን ጉድጓዱ ውስጥ ከትቶ መርገጫውን ይረግጣል፤ በእጁ መወርወሪያውን በድሩ መሀል እየወረወረ፣ ማጉን በእንጨት እየመታ ያጠብቃል። ከዳሱ የሚወጣው ድምፅ የዚያ እንጨት ድምፅ ነው።

ጠዋት ከእንቅልፌ የሚቀሰቅሰኝ ከባድና እኩል ምት ነበር፤ አይቸኩልም፣ አይዘገይም። ከቢሮ ስመለስ የምሰማው ግን ሌላ ነው። ሁለት ቶሎ ቶሎ ይመታል፣ ዝም ይላል፣ ከዚያ አንድ ጠንካራ ያወርዳል። ለብዙ ሳምንታት ግቢው ውስጥ ሁለት ሸማኔዎች ያሉ ይመስለኝ ነበር፤ አንዱ አዛውንት፣ ሌላው ወጣት።

አንድ ቀን የቤቱን እመቤት፣ እትዬ ወርቄን ጠየቅኋት። ገና በመጀመሪያው ሳምንት አንቱ ስላት «አታስረጂኝ!» ብላ ተቆጥታኝ አንቺ ማለት ጀምሬያለሁ።

«ያንን የከሰዓቱን ሸማኔ ግን ፊቱን አይቼው አላውቅም። ዘመድ ነው?»

ጥጥ እየፈተለች ነበር። እንዝርቷ ቆመ። «ሂጂና እሱን ጠይቂው» ብላ ወደ ዳሱ በአገጯ አመለከተችኝና ተነሥታ ወደ ቤት ገባች።

ወደ ዳሱ ሄድኩ። ሁለተኛው ጉድጓድ ውስጥ የተቀመጡት ባሏ ጋሽ አንጁሎ ነበሩ። የመጀመሪያው ባዶ ነው።

«ና ልጄ፣ ተቀመጥ» አሉኝ። አፋቸውን የፈቱት በጋሞኛ ስለሆነ አማርኛ ሲናገሩ አንዳንዴ ወንድ ያደርጉኛል። በኋላ ግቢው በሙሉ ለቀልድ «አንተ ልጅ» ይለኝ ጀመር።

«ሁለተኛው ሸማኔ የት ነው ያለው ጋሽ አንጁሎ?»

«መንገድ ላይ ነው» አሉ።

ሁለት ቶሎ ቶሎ መቱ። ቆም ብለው፣ ቀና አሉና ከአጥሩ በላይ መንገዱን አዩ። ከዚያ አንዱን በኃይል መቱ። እኔም አብሬያቸው ወደ መንገዱ አየሁ። ሙዝ የጫነ ጋሪና ፍየል የሚነዱ ሴቶች ያልፋሉ፤ ሌላ ማንም አልነበረም።

ረጅም፣ ቀጭን፣ ጎበጥ ያሉ ሰው ነበሩ። ዕድሜ ልካቸውን ጉድጓድ ውስጥ የኖሩት እግሮቻቸው ከፊታቸው ይልቅ ወጣት ነበሩ፤ ይህን ስላቸው በጣም ሳቁ። የተወለዱት ደጋው ላይ፣ ዶርዜ ነው። እዚያ ጎጆው ሁሉ የሸማኔ ስለሆነ፣ ሰው ከአልጋው ሳይነሣ የመንደሩን ወሬ በጆሮው ያነባል ይሉኝ ነበር፤ ማን ታመመ፣ ማን ሰክሮ አደረ፣ ማን ከሚስቱ ተጣላ። «እኛ አገር ሰው በድምፁ ይታወቃል። የአፉን አላልኩህም፤ የሥራውን ነው።»

የአንድ መጽሐፍ ታሪክም ነገሩኝ፤ እያደር፣ ቁርጥራጭ ቁርጥራጭ አድርገው ነው። በአያታቸው ዘመን አንድ ደብተራ የአባያን ሐይቅ በታንኳ ተሻግሮ ዶርዜ ወጣ፤ ክረምቱን እነሱ ቤት አሳለፈ። በማኅደር የያዘው ብራና ነበረው። ብራናው ላይ ፊደል የለም። መስመር ብቻ ነው፤ አጭር መስመር፣ ረጅም መስመር፣ ባዶ ቦታ። የሚነበበውም በእግር ነው። ሸማኔ ጉድጓዱ ውስጥ ገብቶ መስመሩን እንደ ተጻፈው ከረገጠው እንጨቱ ይናገራል። በዓለም ላይ ለተወለደ ሸማኔ ሁሉ አንድ አንድ ገጽ አለው። ምቱ በዓለም ላይ እስከተሰማ ድረስ ገጹ ይኖራል፤ ጊዜም አያልፍበትም። የሚመታለት ሲጠፋ ገጹ ይነጣል።

«ድር እግዜር የሰጠህ ዕድሜ ነው። ማግ የምትውለው ቀን ነው። ድምፁ ግን አንተ ነህ። እንዲህ ይላል መጽሐፉ።»

ለሁሉም ነገር ከመጽሐፉ የሚጠቅሱት አያጡም። ተጣልቶ የሚሸምን ሰው ጥሉን ጋቢው ላይ ስለሚተወው የሚለብሰው እንቅልፍ ያጣል፣ ይላል መጽሐፉ። ስለዚህ ከእትዬ ወርቄ ጋር የተጨቃጨቁ እንደሆነ ሳይታረቁ ሥራ አይጀምሩም። እሷም ይህን ስለምታውቅ፣ ቤት ውስጥ የሚያግዛት ሰው የፈለገች ቀን ቶሎ አትታረቅም ነበር።

አዲስ ድር ሲዘረጉ አሮጌውን ጨርሰው አይነቅሉትም። ጫፉን የሽመና እቃው ላይ ይተዉና አዲሱን ክር በክር ይቋጥሩበታል። ሸማኔ ሁሉ የሚያደርገው ነው፤ ክሩን አንድ በአንድ እንደገና ከማስገባት ያድናል። እሳቸው ግን እየቋጠሩ «ይህ ከአባቴ ድር ጋር የተቋጠረ ነው፤ የአባቴም ከአባቱ» አሉኝ። «የአባቴ ክር አንድም የለበትም። ግን ተቆርጦ አያውቅም።» ልጻፍልዎት ብላቸው እጃቸውን አወናጨፉ። የተጻፈ ነገር ድምፅ የለውም አሉኝ፤ ተውኩት።

ያ ሁለተኛ ጉድጓድ የልጃቸው የደምሴ ነው። በደርግ መጨረሻ ዓመታት ለውትድርና ተወሰደ። ደርግ ሲወድቅ የሰፈሩ ልጆች አንዳንዶቹ በእግር፣ አንዳንዶቹ በጭነት መኪና እየተንጠባጠቡ ገቡ። ደምሴ አልገባም። ሲሞት ያየው የለም፣ በሕይወት ያየውም የለም። እኔ የደረስኩት ከዚያ በኋላ ስለሆነ መልኩን አላውቀውም፤ ፎቶግራፍም አልነበረውም። የማውቀው ሲሸምን መንገድ ማየት ይወድ እንደነበረ ነው። ሁለት መትቶ ያቆምና ማን አለፈ ብሎ ቀና ይላል፤ አባቱ ሲጮሁበት ደንግጦ ቀጣዩን በኃይል ያወርደዋል። ጋሽ አንጁሎ ያንን ሲቆጡት የኖሩትን ቆም ማለት ነው ከሰዓት በኋላ ከሰዓት በኋላ ተቀምጠው የሚመቱት። የደምሴን ገጽ እያነበቡለት ነበር።

እትዬ ወርቄ ግን እርሟን ማውጣት ፈለገች። ይህ በመካከላቸው የነበረ ብቸኛ እውነተኛ ጠብ ነው። የሞተ ልጅ ይለቀስለታል፣ ድንኳን ይጣልለታል፣ ዘመድ መጥቶ አብሮ ያነባል፤ እሷ ግን ለዓመታት እንባዋን ውጣ ተቀምጣለች። በጠየቀች ቁጥር መልሳቸው አንድ ነው።

«የሚሠራ ሰው አይለቀስለትም።»

«የሚሠራው አንተ ነህ እኮ!»

«ምቱስ የማን ነው?»

ከዚያ እስኪታረቁ እንጨቱ አይመታም። እኔ ክፍሌ ሆኜ ዝምታውን እሰማለሁ። እውነቱን ለመናገር ለማን እንደማዝን አላውቅም ነበር፤ አንዳንድ ቀን ለእሷ፣ አንዳንድ ቀን ለእሳቸው።

ነገሩን ያመጣችው የጋሽ አንጁሎ እህት፣ እትዬ ዘነበች ናት። ዶርዜ ነው የምትኖረው፤ ታምማ ስለቆየች ለረጅም ጊዜ ቆላ አልወረደችም። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ለሕክምና መጥታ ወንድሟን ልትጠይቅ እስከ አጥሩ ደረሰች። እዚያው ቆመች። ደምሴን በጡቷ አይሁን እንጂ በእጇ ያሳደገችው እሷ ናት፤ መሸመን ሲለማመድ ከጎኑ ተቀምጣ ትፈትል ነበር። ሁለት ቶሎ ቶሎ፣ ዝምታ፣ አንድ ጠንካራ። ልጁ ገብቷል! በሩን አላንኳኳችም። ከሞት አፍ የተመለሰን ሰው በባዶ እጅ መቀበል በእነሱ ዘንድ ነውር ነው፤ ቅቤ ይያዛል፣ ዘመድ ይጠራል። አፏን በነጠላዋ ይዛ፣ ሐኪም ቤቱንም ትታ፣ ወደ ደጋ ተመለሰች። ሌላ አገር ሰው ቢሆን ቢያንስ በአጥሩ ቀዳዳ ያይ ነበር። ለእሷ ግን ጆሮዋ ከሰማ ሌላ ምስክር አያስፈልግም።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ አንድ አይሱዙ በራችን ላይ ቆመና እልልታው ቀለጠ። ወንዶቹ እየዘፈኑ ወረዱ፤ ሴቶቹ በእንሰት ቅጠል የተጠቀለለ ቅቤ ይዘዋል፤ በግ ተጎትቶ ይወርዳል። እትዬ ዘነበች ከፊት ናት። ከሁሉም ኋላ እትዬ ወርቄ ከገበያ ትሮጣለች፤ ነጠላዋ ወድቋል፣ ዘንቢሏን የት እንደጣለችው አይታወቅም። ገበያ ላይ አንዱ «ልጅሽ ገባ አሉ፣ ዘመዶችሽ ሁሉ ወርደዋል» ብሏት ነው።

ሰውን በክርኗ እየገፋች ዳሱ ውስጥ ገባች። ምቱ ቆሟል። ጋሽ አንጁሎ ሁለተኛው ጉድጓድ ውስጥ እንደተቀመጡ፣ መወርወሪያው በእጃቸው ነው። የመጀመሪያውን ጉድጓድ አየች። ከምሰሶው ጀርባ አየች።

«የታለ?» አለች።

እልልታው ከኋላ በኩል እየከሰመ መጣ።

«እኔ እኮ አውቀዋለሁ» አለች ቀስ ብላ። «በየቀኑ እሰማዋለሁ፤ አንተ እንደሆንክ አውቃለሁ። ግን እልልታውን ስሰማ አመንኩ። ከገበያ እስከዚህ አምኜ ነው የሮጥኩት።» ከዚያ ጎንበስ ብላ ባሏን ፊት ለፊት አየቻቸው። «አንጁሎ፣ ያ መጽሐፍህ ውስጥ እናት የለችም ወይ?»

እትዬ ዘነበች ቅቤውን እንዳቀፈች መሬት ላይ ቁጭ አለች።

የጋሽ አንጁሎ ታላቅ ወንድም፣ አቶ ሻንቆ፣ ያን ሁሉ ሰው ትተው ወጡ። ከቧንቧው ሥር እርጥብ ሣር ነቅለው ተመለሱና በባልና በሚስቱ መካከል አስቀመጡት። በጋሞ ሽማግሌ እርጥብ ሣር ካስቀመጠ በቁጣ የሚናገር የለም። መጀመሪያ እሷን ጠየቁ።

«እርሜን ላውጣ» አለች። «ሌላ ምንም አልፈልግም።»

«አንተስ?»

«መጽሐፉ እንዲህ ይላል…» ብለው ጀመሩ ጋሽ አንጁሎ።

«የቱ መጽሐፍ?» አሉ አቶ ሻንቆ። የቁጣ ድምፅ አልነበረም። «ታላቅህ እኔ ነኝ። አያታችንንም ደርሼባቸዋለሁ። እቤታችን ደብተራ መጥቶ አያውቅም፤ ከአባታችንም አፍ መጽሐፍ የሚባል አልሰማሁም።»

ጋሽ አንጁሎ መወርወሪያውን ድሩ ላይ አስቀመጡ።

«ያን ጊዜ ልጅ አልጠፋብንማ» አሉ በመጨረሻ።

ዳሱ ውስጥ ሰው ሁሉ ፊቱን አዞረ። እኔ የማንጎው ግንድ ሥር ቆሜ አለቀስኩ። የተታለልኩ ሆኖ አልተሰማኝም። ደብተራውን፣ ታንኳውን፣ ማኅደሩን፣ ያንን ሁሉ ገጽ አንድ አባት ጉድጓድ ውስጥ ብቻውን ተቀምጦ ሲያበጀው ታየኝ፤ ልጁን የሚያስቀምጥበት ቦታ ሌላ ስላጣ ነው። እንደዚያ ቀን ያዘንኩለት ሰው የለም።

«የጀመርኩለት ጋቢ አለ» አሉ ወደ ሚስታቸው ቀና ብለው። «ጥቂት ነው የቀረው። ልጨርሰውና እሱን ይዘሽ አልቅሺ። ከዚያ በኋላ እዚህ ጉድጓድ አልገባም።»

እሷ ራሷን በእሺታ ነቀነቀች። ዘመዶቹም እዚያው መሬት ላይ ተቀመጡ። ሁለት ቶሎ ቶሎ፣ ዝምታ፣ አንድ ጠንካራ፤ ፀሐይ ወደ ተራራው እስክታዘቀዝቅ ድረስ ማንም ሳይነጋገር የደምሴን ምት ሰማን። በየዝምታው ጋሽ አንጁሎ ቀና ሲሉ ሰዉም ሁሉ አብሮ ወደ መንገዱ ያያል። ጋቢውን ቆርጠው ሲያወርዱ የድሩን ጫፍ ግን እቃው ላይ ተዉት፤ አልነቀሉትም።

በማግስቱ ድንኳን ተጣለ። አስከሬን ስለሌለ ጋቢው አልጋ ላይ ተዘረጋ። እትዬ ወርቄ በላዩ ላይ ተደፍታ ያን የዓመታት እንባ አፈሰሰችው። ለደስታ የመጣው በግ ለለቀስተኛው ታረደ። ቅቤውን እትዬ ዘነበች መልሳ ወሰደችው።

ከዚያ ወዲያ ከሰዓት በኋላው ጸጥ አለ። ጋሽ አንጁሎ ሁለተኛውን እቃ በማዳበሪያ ከረጢት ሸፈኑት፤ ጠዋት ጠዋት የራሳቸውን ከባድና እኩል ምት ብቻ ይመታሉ። አንድ ቀን አላስችል ብሎኝ ጠየቅኳቸው።

«ገጹስ ጋሽ አንጁሎ? አይነጣም?»

«ቃል ሰጥቻለሁ ልጄ» አሉኝ። «እናቱ ትበልጣለች።» ወደ ሥራቸው ጎንበስ አሉ። መጽሐፉ እንዲህ ይላል ማለታቸውን ግን አልተዉም። የሳቀባቸውም የለም። እኔ ከጊዜ በኋላ ተዛውሬ ሄድኩ፤ እየመጣሁ ስጠይቃቸው ያ እቃ እንደተሸፈነ ነበር።

ለለቅሶው ስደርስ ግቢው በሰው ተሞልቷል። ዘሪቱ አንገቴ ላይ ተጠምጥማ አለቀሰች። በዳሱ በኩል ሳልፍ ሁለቱም እቃዎች ተሸፍነዋል፤ ከሁለቱም ከረጢቶች ሥር የድር ጫፍ ተንጠልጥሏል።

እትዬ ወርቄ ምንጣፍ ላይ ተቀምጣ፣ ያንን ጋቢ ለብሳለች። በጣም አርጅታለች። ከጎኗ ተቀመጥኩ። ለቀስተኛው መጥቶ ሲሄድ ቀኝ እጇ አጠገቧ ያለውን አግዳሚ ሳያቋርጥ ይመታል፤ ከባድ፣ እኩል፣ የማይቸኩል። ከእንቅልፌ ሲቀሰቅሰኝ የነበረ ምት ነው። ዓይኔ እጇ ላይ መሆኑን አየች።

«ይኼ የእሱ ነው» አለችኝ።

ከዚያ እጇ ተለወጠ። ሁለት ቶሎ ቶሎ መታች። ቆመች፤ ቀና ብላ በሰዉ ራስ ላይ ወደ መንገዱ አየች። አንዱን በኃይል አወረደችው።

«ከመቼ ጀምሮ ነው?» አልኳት።

«የደምሴ ለቅሶ ካለቀ ጀምሮ። እሱ ገበያ ሲሄድ፣ እኔ ጥጥ ስዳምጥ።»

«ጋሽ አንጁሎ ያውቁ ነበር?»

«ማን አስተማረኝ መሰለሽ? መዳፌ ላይ እየመታ ነው እንጂ!» ፈገግ ለማለት ሞከረች። «እናት የለችም ወይ ያልኩት ነገር ከሆዱ አልወጣለትም። ሴት ጉድጓድ አትገባም፣ ገጽ የላትም ስለው፣ አለች አለኝ። እናት አለች፤ መጨረሻ ላይ ናት፤ ሌሎቹን ገጾች የምትይዘው እሷ ናት አለኝ። ዋሽቶ ይሆናል።» እንባዋን በጋቢው ጫፍ ጠረገች። «ይዋሽ። እኔ ይዤዋለሁ።»

እጄን ሳበችና መዳፌን ገለበጠችው። በዚያ ሻካራ ጣቷ ሁለት ቶሎ ቶሎ መታችበት።

«እኔ ከእንግዲህ የት አለሁ። ያዢው» አለችኝ። «እዚህ ጋ ስትደርሺ ቆም በይ። ቀና ብለሽ መንገዱን እይ። መንገዱን ካላየሽ የእሱ አይደለም።»

እሷም ካረፈች ቆየች። እኔ ሽመና አልችልም፤ ጋሽ አንጁሎ እንዳሉትም ይህ የጻፍኩት ድምፅ የለውም። ግን ቢሮ ውስጥ ሥራ ሲበዛብኝ ጣቴ ሳላዘው ጠረጴዛውን ይመታል። ሁለት ቶሎ ቶሎ። ከዚያ ቆም እልና በመስኮቱ ወደ መንገዱ ቀና እላለሁ። ባልደረቦቼ ለምደውኛል፤ አዲስ የመጣ ሰው ግን አንዳንዴ «ማንን ነው የምትጠብቂው?» ይለኛል።

አንድ ልጅ ነው እላለሁ፤ አይቼው አላውቅም።